ደቦ፣ ወንፈል ወይስ ዘመቻ? የጋሽ አበራ ሞላን የአደባባይ ሥራ ከሞያሌ ማንበብ

1. መነሻ

ኪነ ጥበብ ከአዳራሽ ወጥቶ አደባባይ ሲውል፣ ተመልካቹም ቁጭ ብሎ በማየት ፈንታ እጁን አስገብቶ ሲሠራ፣ ሐያሲው የለመደው መለኪያ ይጠፋበታል። ሥዕል ከሆነ ቀለሙንና መስመሩን፣ ዘፈን ከሆነ ዜማውንና ግጥሙን መመርመር ይቻላል። ሥራው የተጠረገ መንገድ፣ የተተከለ ችግኝ፣ በአንድ ጥሪ የተሰበሰበ የሰፈር ወጣት ሲሆን ግን ምኑ ይሄሳል? «መልካም ነገር ተሠራ» ብሎ ማለፍ ምስጋና እንጂ ሂስ አይደለም። «ይህ ጥበብ አይባልም» ብሎ በሩን መዝጋትም ከድካም መሸሽ ነው።

የዚህ ጽሑፍ ዓላማ በአማርኛ ተናጋሪው ዘንድ እጅግ የታወቀውን የዚህ ዓይነት ሥራ፣ አርቲስት ስለሺ ደምሴ «ጋሽ አበራ ሞላ» በሚል ስም በአዲስ አበባ የመራውን የጽዳትና የማስዋብ እንቅስቃሴ፣ እንደ ኪነ ጥበብ ሥራ መመርመር ነው። መመርመሪያውን የምወስደው ቋንቋው ራሱ ለጋራ ሥራ ካዘጋጃቸው ሦስት ቃላት፣ ከደቦ፣ ከወንፈልና ከዘመቻ ነው።

የማነበው ከኬንያዋ ሞያሌ ሆኜ ነው። በዚህች ከተማ አማርኛ ለብዙዎች የእናት ቋንቋ ሳይሆን የገበያ፣ የቡና ቤትና የመኪና ተራ ቋንቋ ነው። ቦረና፣ ገብራ፣ ገሪ፣ ቡርጂና ሌሎችም ሕዝቦች በሁለት አገሮች ሕግ ሥር፣ በአንድ የከተማ ስም ይኖራሉ። ስለዚህ «ሕዝብ» የሚለው ቃል፣ የተሳትፎ ጥበብ ሁሉ መነሻ የሆነው፣ እዚህ በቀላሉ አይነገርም። አዲስ አበባ ላይ የማይታይ ጥያቄ ሞያሌ ላይ ይታያል፤ ከዚህ ርቀት ማንበብ የሚጠቅመውም ለዚህ ነው።

2. ሦስቱ ቃላት

ደቦ ባለቤት አለው። ባለ ማሳው ለአጨዳ ወይም ለአረም ጎረቤቶቹን ይጠራል፤ ጠላውንና እንጀራውን ያሰናዳል፤ የመጣው ሰው እየዘፈነ ሠርቶ፣ በልቶና ጠጥቶ ወደ ቤቱ ይመለሳል። ሥራው የጋራ ቢሆንም ምርቱ የጠሪው ነው። ወንፈል ደግሞ ተራ አለው። ዛሬ እኔ የአንተን ማሳ ባርም ነገ አንተ የእኔን ታርማለህ፤ ዕዳው በገንዘብ ሳይሆን በጉልበት ይመለሳል፤ ጠሪና ተጠሪ ይፈራረቃሉ። ዘመቻ ግን አዛዥ አለው። ጥሪው ከላይ ይመጣል፤ የቀረ ሰው ምክንያት ይጠየቃል። ደርግ በ1967 ዓ.ም. 60 ሺህ ገደማ ተማሪዎችንና መምህራንን ወደ ገጠር ያሰማራበት የእድገት በኅብረት ዘመቻ ለዚህ ቃል የቅርቡን ትዝታ ሰጥቶታል።

ሦስቱም ቃላት «ተሳትፎ» በሚለው አዲስ ቃል ሥር ሊጠቃለሉ ይችላሉ። ጉዳቱም እዚያ ላይ ነው። «ተሳትፎ» ማን ጠራ፣ ፍሬው ለማን ገባ፣ ዕዳውስ እንዴት ተመለሰ የሚሉትን ጥያቄዎች ይሸፍናል። አሮጌዎቹ ቃላት ግን አይሸፍኑም፤ እያንዳንዳቸው መልሱን በውስጣቸው ይዘዋል። የተሳትፎ ጥበብን ስንሄስ የምንጠይቀው እነዚህኑ ሦስት ጥያቄዎች መሆን አለበት።

3. ስሙና ጥሪው

ስለሺ ደምሴ በክራርና በሌሎች ባህላዊ የሙዚቃ መሣሪያዎች የሚታወቅ ሙዚቀኛ ነው። ከውጭ አገር ኑሮ በኋላ ወደ አዲስ አበባ ተመልሶ፣ በ1990ዎቹ መጀመሪያ፣ በተለይም በ1993 ዓ.ም. አካባቢ፣ ቆሻሻ የተከመረባቸውን የመንገድ ዳርቻዎችና የሰፈር ክፍት ቦታዎች ከወጣቶች ጋር ማጽዳትና ወደ ትንንሽ መናፈሻነት መለወጥ ጀመረ። ድንጋይ ተቀባ፤ አበባ ተተከለ፤ ለዓመታት አፍንጫ ተይዞ የሚታለፍባቸው ቦታዎች ሰው የሚቀመጥባቸው ሆኑ። ዘፈኑና ጽዳቱ አብረው ሄዱ። በወቅቱ አገሪቱ የነበራት ቴሌቪዥን የመንግሥቱ ብቻ ስለነበር፣ የአንድ ሰፈር ሥራ በቶሎ የአገር ወሬ ሆነ።

የሥራው ቀዳሚ ፈጠራ፣ በእኔ ንባብ፣ ስሙ ነው። አርቲስቱ በራሱ ስም አልጠራም። የሰፈር ሰው የሚመስል ገጸ ባሕርይ ፈጠረ፤ ማዕረጉንም «ጋሽ» አለው። ይህ ምርጫ ቀላል አይደለም። ከዚያ በፊት በነበረው ሥርዓት ወጣቱን ለሥራ የሚጠራው ሰው «ጓድ» ይባል ነበር። ከጓድ በፊትም ጥሪው «ክቡር» ወይም «ግርማዊ» ከሚባል አፍ ይወጣ ነበር። «ጋሽ» ግን ሹመት አይደለም። ሹመት የሌለው፣ ነገር ግን ቢያዝህ እምቢ ለማለት የምታፍረው ታላቅ ሰው መጠሪያ ነው። አክብሮትና ቅርበት በአንድ ቃል ይገናኙበታል፤ እንደ ሰዉ ልማድ «አንተ» ም «እርስዎ» ም ያስከትላል። ወጣቱ አካፋ ያነሣው ለመንግሥት ታዝዞ ሳይሆን ለጋሼ ይሉኝታ ሲል ነው ብንል ብዙ አንሳሳትም።

የስሙ ቃላትም ሠምና ወርቅ አላቸው። ሠሙ ማንኛውም የሰፈር አባት ሊጠራበት የሚችል ተራ ስም ነው። ወርቁን «አበራ» እና «ሞላ» ከሚሉት ግሶች ማውጣት ይቻላል፤ የጨለመውን አበራ፣ የጎደለውን ሞላ። ሕዝቡ ይህን ስም ወስዶ ለአርቲስቱም፣ ለእንቅስቃሴውም፣ ቆይቶም ሰፈሩን ለሚያጸዳ ሰው ሁሉ ማለት ጀመረ። አንድ ገጸ ባሕርይ ከፈጣሪው እጅ ወጥቶ የወል ስም ሲሆን ሥራው በእውነት የአደባባይ ሆኗል ማለት ነው። በዚህ ረገድ የስለሺ ሥራ ከብዙ ልቦለዶቻችን ይበልጥ ተሳክቶለታል።

4. መጥረጊያው

መጥረጊያን የኪነ ጥበብ መሣሪያ ያደረገ ስለሺ የመጀመሪያው አይደለም። ጀርመናዊው ዮሴፍ ቦይስ እ.ኤ.አ. በ1972 በሠራተኞች ቀን፣ በምዕራብ በርሊን ሰልፈኛው ካለፈ በኋላ ከሁለት ተማሪዎቹ ጋር አደባባዩን ጠርጎ፣ የጠረገውን ቆሻሻ ለዕይታ አቆየ። ይኸው ሰው ከ1982 ጀምሮ በካስል ከተማ ከነዋሪዎች ጋር 7,000 የባሉጥ ዛፎች እንዲተከሉ አደረገ፤ በእያንዳንዱ ዛፍ ሥርም አንድ የባዛልት ድንጋይ ቆመ። ዛፉ ያድጋል፤ ድንጋዩ ባለበት ይቀራል። በኒው ዮርክ ደግሞ ሚየርል ላደርማን ዩክሊስ የተባለች አርቲስት እ.ኤ.አ. ከ1979 እስከ 1980 ከከተማው 8,500 የጽዳት ሠራተኞች ጋር አንድ በአንድ እየተጨባበጠች ስለ ሥራቸው አመሰገነች።

እነዚህን ምሳሌዎች ያነሣሁት ስለሺ ከእነርሱ ተማረ ለማለት አይደለም። ንጽጽሩ የሚጠቅመው የእርሱን ሥራ ጥንካሬና ጉድለት ለማሳየት ነው። ቦይስ ሲጠርግ የሚያየው የጥበብ ወዳጅ ነበር፤ ስለሺ ሲጠርግ ግን ሰፈሩ አብሮት ጠረገ። በዚህ የአዲስ አበባው ሥራ ይበልጣል። የዩክሊስ ሥራ ግን አንድ ከባድ ጥያቄ ያነሣል፤ አርቲስቱ ከመምጣቱ በፊት ይጠርግ የነበረው ማን ነው? አዲስ አበባ ውስጥ ጎህ ሳይቀድ ፊታቸውን በሻሽ ሸፍነው መንገድ የሚጠርጉ ሴቶች አሉ። በጋሽ አበራ ሞላ ዘመን ትዝታ ውስጥ ጎልቶ የሚታየው መጥረጊያ የያዘው በጎ ፈቃደኛ ወጣት ነው፤ መጥረጊያው እንጀራዋ የሆነው ሴት ግን ከበስተጀርባ ቀርታለች። ጥበቡ ለሥራው ክብር ሲሰጥ ለሠራተኛዋ የሰጠው ክብር ያንሳል። ይህ የአርቲስቱ ጥፋት ብቻ አይደለም፤ አዲስ ነገርን ማየት የለመደን፣ ዕለት ዕለት የሚደገመውን ግን የማናይ የእኛም ጥፋት ነው።

5. የተፈቀደውና ያልተፈቀደው

በሚያዝያ 1993 ዓ.ም. የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች ያነሡት የመብት ጥያቄ ወደ ከተማው ተዛምቶ በግርግርና በተኩስ ተጠናቀቀ። ከ30 በላይ ሰዎች ሞቱ፤ በሺህ የሚቆጠሩ ታሰሩ። በዚያው ዓመት፣ በዚያው ከተማ፣ የአንድ ትውልድ ወጣቶች በአንድ በኩል መጥረጊያ ይዘው ሲመሰገኑ በሌላ በኩል ጥያቄ ይዘው ይታሰሩ ነበር። ሁለቱን ጎን ለጎን ማስቀመጥ ለሐያሲ ግዴታ ይመስለኛል።

ከዚህ በመነሣት ጽዳቱ መንግሥትን ያልነካ፣ ስለዚህም የተፈቀደ ፖለቲካ ነበር ብሎ የሚከራከር ሰው ሊኖር ይችላል። ክርክሩ ክብደት አለው። ቆሻሻው ለምን ተከመረ፣ ለማንሣት የተሰበሰበው ግብር የት ገባ የሚለውን ጥያቄ መጥረጊያ አይመልስም፤ እንዲያውም ቆሻሻው ሲነሣ ጥያቄውም አብሮ ሊነሣ ይችላል። በኬንያ በኩል ያለን አንባቢዎች ለዚህ የራሳችን ምሳሌ አለን። «ሐራምቤ» በነጻነት ማግሥት ሰው ትምህርት ቤትና የጤና ጣቢያ በጉልበቱ የሚሠራበት ጥሪ ነበር። ቆይቶ ፖለቲከኛ በሕዝብ ፊት ገንዘብ የሚሰጥበትና ስሙን የሚገዛበት መድረክ ሆነ፤ እስከዚያም ድረስ ስለደረሰ እ.ኤ.አ. በ2003 የወጣው የመንግሥት ሹማምንት የሥነ ምግባር ሕግ ገደብ አበጀለት። ወንፈል የነበረው ደቦ ሆነ፤ ምርቱም የጠሪው።

ሆኖም የጋሽ አበራ ሞላን ሥራ «የዋህ» ብሎ መዝጋት ፍትሐዊ አይሆንም። ከዘመቻ ትዝታ የወጣ ሕዝብ «ኑ» የሚል ድምፅ በሰማ ቁጥር ከጀርባው አዛዥ ይፈልጋል። ያለ አዛዥ መሰብሰብ እንደሚቻል ማሳየት፣ የሰፈር ሰው ከቀበሌ ትእዛዝ ሳይጠብቅ ስለ መንገዱ ሊወስን እንደሚችል ማሳየት፣ ራሱ ፖለቲካ ነው። አንድ ወጣት በገዛ እጁ ያስተካከለውን ቦታ ሲያይ «ይህ የእኔ ነው» ይላል፤ የእኔ ያለ ሰው ደግሞ ሲነጠቅ ይጠይቃል። ጥበቡ ሕዝቡን እስከዚህ ድረስ አድርሶታል። ከዚህ በኋላ የጎደለው ሌላ ነው።

6. ተራው

የጎደለውን ለመግለጽ ከሞያሌ ወደ ሰሜን፣ ወደ ዱብሉቅ የሚወስደውን መንገድ መያዝ ይበቃል። በቦረና ጥልቅ የቱላ ኤላዎች ውስጥ ሰዎች ከታች እስከ ላይ በመሰላል ላይ ይደረደራሉ፤ ባልዲው እየተቀባበለ ይወጣል፤ ዘፈኑ ሥራውን ይመራል። የውጭ ጎብኚ «የሚዘፍኑ ኤላዎች» ይላቸዋል። አደባባይ፣ ዘፈን፣ የብዙ እጆች ሥራ፤ የተሳትፎ ጥበብ የሚባለው ነገር ሁሉ እዚያ አለ። ጎብኚው የማያየው ግን ከዘፈኑ በስተጀርባ ያለውን ሥርዓት ነው። ኤላውን ያስቆፈረው ሰው ወራሽ ኮንፊ ይባላል፤ የዕለቱን የውሃ ተራ የሚያስጠብቀው አባ ሄሬጋ ነው። ማን ዛሬ ያጠጣል፣ ማን ነገ፣ ጭቃውን የሚያወጣ ማን ነው፣ አጥሩ ሲፈርስ ማን ያጥራል፤ ይህ ሁሉ የታወቀ ነው። ዘፋኙ ቢደክም፣ ቢሞት፣ ቢሰደድ ኤላው አይዘጋም።

የጋሽ አበራ ሞላ ሥራ ዘፈኑ ነበረው፤ አባ ሄሬጋው ግን አልጸናም። ለዚህ ሁለት ምክንያት ማየት ይቻላል። አንደኛው ሕጋዊ ነው። በኢትዮጵያ ሕገ መንግሥት መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ነው፤ ወጣቶቹ ያለሙት የመንገድ ዳር ቦታ የይዞታ ዋስትና አልነበረውም። ከተማው ከዚያ በኋላ በቀለበት መንገድ፣ በጋራ መኖሪያ ቤቶች፣ እ.ኤ.አ. በ2015 ሥራ በጀመረው ቀላል ባቡር እንደገና ሲገነባ፣ የተቀባ ድንጋይና የአበባ መደብ ሊከራከርበት የሚችል ወረቀት በእጁ አልነበረም። ሁለተኛው ምክንያት ከጥበቡ ቅርጽ የመጣ ነው። ጥሪው በአንድ ሰው ድምፅና ገጸ ባሕርይ ላይ ቆሞ ነበር። «ጋሽ» እምቢ የማይባል መሆኑ የሥራው ኃይል ነበር፤ ጋሼ ከሰፈሩ ሲርቅ ግን ይሉኝታውም አብሮት ይርቃል። ኃይሉና ድካሙ ከአንድ ምንጭ ተቀዱ።

በሦስቱ ቃላት ሲመዘን፣ እንቅስቃሴው ከዘመቻ አመለጠ፤ ወንፈልን ተመኘ፤ ደቦ ሆኖ ቀረ። የደቦ ዘፈኑ እጅግ ያማረ ስለነበር ተራ አለመኖሩን በቶሎ አላስተዋልንም።

7. ከናይሮቢ የመጣ ሌላ መልስ

በኬንያ በኩል ሌላ ዓይነት መልስ ታይቷል። እ.ኤ.አ. በ2007 መጨረሻ ከተካሄደው ምርጫ በኋላ በተነሣው ግጭት ከ1,100 በላይ ሰዎች ሲሞቱና በመቶ ሺህ የሚቆጠሩ ሲፈናቀሉ፣ ሶሎሞን ሙዩንዶ የተባለ፣ «ሶሎ 7» በሚል ስም የሚታወቅ የኪቤራ ሠዓሊ የሰፈሩን ግድግዳዎች፣ በሮችና አጥሮች በሰላም ጥሪ ሞላቸው። ፎቶግራፈሩ ቦኒፌስ ምዋንጊ ደግሞ የግጭቱን ፎቶግራፎች እ.ኤ.አ. ከ2009 ጀምሮ «ፒቻ ምታኒ»፣ ማለትም «የመንገድ ላይ ሥዕል»፣ በሚል ርእስ በየከተማው ጎዳና ላይ አቆማቸው። አላፊ አግዳሚው ቆሞ አየ፤ አለቀሰ፤ ተከራከረ። ይኸው ሰው እ.ኤ.አ. በ2012 ከግድግዳ ሠዓሊዎች ጋር ፖለቲከኞችን በጥንብ አንሣ መልክ በናይሮቢ ግድግዳዎች ላይ አሳየ።

የእነዚህ ሥራዎች ብርታት ጋሽ አበራ ሞላ ያለፈውን ጥያቄ መጠየቃቸው ነው፤ ማን አጠፋ? ድካማቸው ደግሞ ስለሺ የያዘውን መልቀቃቸው ነው። በምዋንጊ ጎዳና ላይ ተመልካቹ ይናገራል እንጂ አይሠራም፤ ተነጋግሮ ሲሄድ ፎቶግራፉ ተጠቅልሎ ወደ ሚቀጥለው ከተማ ይጫናል። የአዲስ አበባው ሥራ እጅ ነበረው፤ የናይሮቢው አፍ። አንድ ሰፈር ሁለቱንም ይፈልጋል።

8. ሞያሌ ምን ትጠይቃለች?

እነዚህን ሥራዎች ወደ ሞያሌ ብናመጣ ምን ይሆናሉ? መጀመሪያ የምንሰናከለው «ግድግዳው የማን ነው?» በሚለው ላይ ነው። እ.ኤ.አ. በታኅሣሥ 2013 በዚህ ከተማ በተነሣው የጎሣ ግጭት ቤቶችና ሱቆች ተቃጥለው በአሥር ሺህ የሚቆጠር ሰው ተፈናቀለ፤ ብዙው ድንበር ተሻግሮ ኢትዮጵያ ገባ። እ.ኤ.አ. በመጋቢት 2018 ደግሞ በኢትዮጵያዋ ሞያሌ ወታደሮች ሲቪሎችን ከገደሉ በኋላ ወደ 10 ሺህ የሚጠጋ ሰው በተቃራኒው አቅጣጫ ወደ ኬንያ ሸሸ። እዚህ ግጭቱን የሚያሳይ ፎቶግራፍ ጎዳና ላይ ማቆም በናይሮቢ እንደሚሆነው ትውስታን ብቻ አይቀሰቅስም፤ ተመልካቹ በፎቶግራፉ ውስጥ የጎረቤቱን በር ያውቀዋል። «ጋሼ» ብሎ የሚጠራ ሰው ቢነሣም ወዲያው «የማን ጋሼ?» ተብሎ ይጠየቃል። ይሉኝታ ጎሣን ተሻግሮ አይሠራም ባይባልም፣ ሲሻገር ይሳሳል።

ይሁን እንጂ ከላይ በጠቀስኳቸው ሁለት ዓመታት ውስጥ አንድ ሰው ያልደረሰው፣ ማንም ያልፈረመበት ሥራ ተደብቋል። በ2013 ከዚህ የሸሸውን እዚያ ማዶ ተቀበሉት፤ በ2018 ከዚያ የሸሸውን እዚህ ተቀበልነው። ቤት ተከፈተ፤ ምጣድ ተጣደ፤ ምንጣፍ ተነጠፈ። ተራው መጣና ዕዳው በጉልበት ተመለሰ። ይህ ወንፈል ነው። የመጠለያ ወንፈል ልንለው እንችላለን። ቦረናዎች ከብቱ ያለቀበትን ወገን መልሰው የሚያቋቁሙበትን ሥርዓት ቡሳ ጎኖፋ ይሉታል፤ ስሙ ይለያይ እንጂ መንፈሱ ያው ነው፤ ዛሬ የሰጠ ነገ ተቀባይ ሊሆን እንደሚችል ያውቃል።

እንግዲህ በሞያሌ የተሳትፎ ጥበብ ቢሠራ መነሻው ከሌላ ቦታ የመጣ ቀለምና መፈክር ሳይሆን ይህ ወንፈል መሆን አለበት ብዬ አምናለሁ። እ.ኤ.አ. በታኅሣሥ 2020 የሁለቱ አገሮች መሪዎች የመረቁት የጋራ የድንበር መቆጣጠሪያ መንገደኛውን በአንድ ቦታ ሁለት ማኅተም ያስመታል። የመንግሥታቱ ተሳትፎ ይህ ነው፤ ንጹሕ፣ ፈጣን፣ ተራ ያለው። በሁለቱ ሞያሌዎች ሰዎች መካከል ያለው ዕዳ ግን ማኅተም የለውም። ማን ማንን እንደ ተቀበለ የሚያስታውስ፣ ተቀባዩና እንግዳው በየዓመቱ ቦታ እየተለዋወጡ የሚያድሱት ሥራ፣ ዛፍም ይሁን ግድግዳ፣ ዘፈንም ይሁን የጉድጓድ ጠረጋ፣ ከስለሺ እጁን፣ ከምዋንጊ ጥያቄውን፣ ከኤላው ተራውን መውሰድ ይችላል።

9. ማጠቃለያ

ጋሽ አበራ ሞላ በዘመናዊው የአማርኛ የአደባባይ ጥበብ ውስጥ ከፍ ያለ ቦታ ይገባዋል። አንድ የሰፈር ስም ከሹመት ሁሉ የበለጠ ሰው መጥራት እንደሚችል አሳይቷል፤ ከዘመቻ በኋላ የመጣ ትውልድ ያለ ፍርሃት አካፋ እንዲያነሣ አድርጓል። ጉድለቱን የዘረዘርኩት ክብሩን ለመቀነስ አይደለም። ሥራው ራሱ በአደባባይ ስለ ቆመ በአደባባይ ሊመዘን ይገባዋል፤ ከመዝናኛ ዜና ወጥቶ ወደ ሂስ መግባቱም ለእርሱ ክብር ነው።

የዚህ ዓይነት ሥራ ሲቀርብልን ስንት ሰው ወጣ ብለን መቁጠር አይበቃንም። ማን ጠራ? ማን በላ? ነገ ተራው የማን ነው? ሦስተኛውን ጥያቄ የሚመልስ ሥራ ባየን ቀን፣ ጠሪው ቤቱ ገብቶ ቢተኛም ባልዲው ከእጅ ወደ እጅ መውጣቱን ይቀጥላል።